ዘፈኑን የጻፈው ስቃዩ አይደለም፦ ስለ ሃንክ ዊሊያምስ ሕይወትና ሥራ



ዛሬ የማወራላችሁ 29 ዓመት ብቻ ኖሮ፣ ሸክላ ያስቀረጸበት ጊዜም ስድስት ዓመት እንኳ ሳይሞላ፣ የአሜሪካን የካንትሪ ሙዚቃ መልክ ስለቀየረ ሰው ነው። ሃንክ ዊሊያምስ ይባላል። በመካከላችሁ ኬኒ ሮጀርስን ወይም ዶን ዊሊያምስን በካሴት እየሰማ ያደገ ሰው እንደማይጠፋ ስለምገምት አስቀድሜ ልናገር፤ ሃንክና ዶን ዘመዳሞች አይደሉም። ሃንክ ሲሞት ዶን ገና የ13 ዓመት ልጅ ነበር። ዓመታቱን ሁሉ የምጠራላችሁ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ይህን ሰው የመረጥኩት ያለ ምክንያት አይደለም። ስለ ዘፋኝ ሲነሳ ከአፋችን የማይጠፋ አባባል አለ። «ባይጎዳ ኖሮ እንዲህ አይዘፍንም ነበር» እንላለን። «ሲጠጣ ነው የሚያምርበት» እንላለን። አንጀት የሚበላ ዜማ በሰማን ቁጥር ዜማውን ሳይሆን የዘፋኙን ቁስል እናደንቃለን። ለዚህ አባባል እንደ ምስክር ከሚጠሩት አንዱ ሃንክ ዊሊያምስ ነው። ወገቡ የታመመ፣ ትዳሩ የፈረሰ፣ በመጠጥ የተጎዳ፣ በመኪና የኋላ ወንበር ላይ እንደተኛ የሞተ ሰው ነው፤ ዘፈኖቹም ሐዘን የተሞሉ ናቸው። ሁለቱን አንድ ላይ ማሰር ቀላል ነው። የሕይወቱን ታሪክ በጥንቃቄ ስንመረምር ግን ማሰሪያው ይፈታል። ዘፈኑን የሰጡት መምህሩ፣ ልምምዱ፣ ጆሮውና እየቆረጠ የሚያርምለት ሰው ናቸው። ስቃዩ የሠራው ሥራ ቢኖር ዘፈኖቹን ማሳነስ ነው። ይህን ላሳያችሁ እሞክራለሁ።

ሃንክ የተወለደው ሴፕቴምበር 17 ቀን 1923፣ ማውንት ኦሊቭ በምትባል የአላባማ ገጠር ነው። በመጽሐፍ ቅዱስ በምናውቀው በጢሮስ ንጉሥ በኪራም ስም ሃይራም ብለው አወጡለት፤ ሃንክ የተባለው ኋላ ነው። አባቱ ሎን ዊሊያምስ የእንጨት ግንድ በሚያመላልስ ባቡር ላይ ይሠሩ ነበር። የአንደኛው የዓለም ጦርነት ወታደርም ነበሩ። በ1930 የጦር ጉዳተኞች ሆስፒታል ገብተው ለዓመታት እዚያው ቀሩ። ልጁ እንግዲህ ከስድስት ወይም ከሰባት ዓመቱ ጀምሮ ያደገው ያለ አባት ነው ማለት ይቻላል። ቤቱን ተሸክመው ያቆሙት እናቱ ሊሊ ናቸው። ከከተማ ከተማ እየተዘዋወሩ አልጋ የሚያከራዩበትና ምግብ የሚሸጡበት ቤት ይከፍታሉ፤ መጀመሪያ ጆርጂያና፣ ቀጥሎ ግሪንቪል፣ በ1937 ደግሞ የክፍለ ግዛቱ ዋና ከተማ ሞንትጎመሪ። በቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ሲጫወቱ ልጁን አጠገባቸው ያስቀምጡት ነበር። ኋላም እሱ ሲዘፍን በር ላይ ቆመው የመግቢያውን ገንዘብ የሚቀበሉት እሳቸው ናቸው።

ልጁ ከማኅፀን ይዞት የወጣው ችግር ነበረበት። የአከርካሪው አጥንት በታችኛው ክፍል በደንብ አልገጠመም፤ ሐኪሞች ስፓይና ቢፊዳ ይሉታል። የሃንክ በቆዳ ተሸፍኖ ከውጭ የማይታየው ዓይነት ነው። በአገራችን ይህ ሕመም ብርቅ አይደለም፤ ከባድ በሆነው መልኩ የታመመ ልጅ የወለዱ እናቶች በሆስፒታሎቻችን ብዙ ናቸው፤ ሴቶች ከማርገዛቸው በፊት ጀምሮ ፎሊክ አሲድ እንዲወስዱ የሚመከረውም ለዚሁ ነው። በ1920ዎቹ የአላባማ ገጠር ግን ይህን የሚያውቅም የሚመረምርም አልነበረም። ልጁ ወገቡን እያመመው አደገ። እንደ እኩዮቹ ኳስ መጫወትም ግንድ መሸከምም አይችልም። ገና በአሥራዎቹ መጀመሪያ ላይ መጠጥ ቀመሰ፤ መጠጡም ሕመሙን ለጊዜው አስታገሰለት። የሕይወቱን መከራ ግማሽ ለመረዳት ይህን ማወቅ ይበቃል፤ ለሃያ ዓመት ያህል ያልታከመ የወገብ ሕመም ነበረበት፣ ማስታገሻውም በየመንገዱ ዳር ይሸጥ ነበር።

አሁን ወደ መምህሩ ልምጣ። እዚህ ላይ ትንሽ እንድቆይ ፍቀዱልኝ፤ ምክንያቱም በዚህ ሰው ታሪክ ውስጥ ከሁሉ በላይ መነገር ያለበትና ከሁሉ ያነሰ የሚነገረው ይህ ነው።

በጆርጂያናና በግሪንቪል ጎዳናዎች ላይ እየዘፈኑ የሚኖሩ ሩፉስ ፔይን የሚባሉ ጥቁር ሙዚቀኛ ነበሩ። ሰው የሚያውቃቸው ቲ-ቶት በሚለው የቅጽል ስማቸው ነው። ዘመኑ በአላባማ ጥቁርና ነጭ በአንድ ትምህርት ቤት የማይማርበት፣ ከአንድ ቧንቧ የማይጠጣበት ነው። ይህ ቀጭን ነጭ ልጅ ግን ከእሳቸው ኋላ ኋላ እየተከተለ ጊታር እንዲያስተምሩት ይለምናቸዋል። ክፍያቸው አንዳንዴ ጥቂት ሳንቲም፣ አንዳንዴም ሊሊ የሚሰጧቸው ምግብ ነበር። ኖታ አላስተማሩትም፤ ሃንክ እስከ ዕለተ ሞቱ ኖታ ማንበብ አይችልም ነበር። ያስተማሩት ምቱን ሳይለቁ መያዝን፣ ብሉዝን፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ መንገደኛን ማስቆምን ነው። የጎዳና ሙዚቀኛ ቲኬት ቆርጦ የገባ ተመልካች የለውም። ሰውየው ወደ ሱቅ እየሄደ ነው፤ በመጀመሪያው ስንኝ ካልያዝከው ያልፍሃል። የሃንክን ዘፈን የሰማ ሰው መግቢያው ላይ ወዲያው የሚይዘው ይህ ትምህርት ነው። ሃንክ ዝነኛ ከሆነ በኋላ፣ የሙዚቃ ትምህርት የሚባል ካለው ያገኘው ከእኚህ ሰው መሆኑን ለጋዜጠኛ ሳይደብቅ ተናግሯል። በዚያ ዘመን አንድ ነጭ የደቡብ ዘፋኝ ይህን በአደባባይ ማለቱ ቀላል ነገር አይደለም። ፔይን ግን አልሰሙትም። በ1939 በሞንትጎመሪ በድህነት ሞተዋል፤ ተማሪያቸው የመጀመሪያውን ሸክላ ያስቀረጸው ከዚያ ሰባት ዓመት ቆይቶ ነው።

በሞንትጎመሪ ሃንክ በአንድ የተሰጥኦ ውድድር 15 ዶላር አሸነፈ፤ ደብሊው ኤስ ኤፍ ኤ በሚባለው የከተማው ሬዲዮ መዝፈን ጀመረ፤ «ድሪፍቲንግ ካውቦይስ» ያለውን ባንድ አቋቋመ። ሁለተኛው የዓለም ጦርነት ሲመጣ ወገቡ ከውትድርና አስቀረው፤ ሞቢል ወደብ ሄዶ የመርከብ መሥሪያ ውስጥ ሠራ። በ1942 ሬዲዮ ጣቢያው በስካር ምክንያት አባረረው፤ ያን ጊዜ 19 ዓመት እንኳ አልሞላውም። የስካሩ ጠባይ ለሚያውቁት እንግዳ ነበር። ለሳምንታት፣ አንዳንዴ ለወራት ጠብታ ሳይቀምስ ይቆያል። አንዴ ከጀመረ ግን እስኪወድቅ ድረስ ለቀናት አያቆምም።

ከኦድሪ ሼፓርድ ጋር የተገናኙት በ1943 ነው። የእርሻ ቤተሰብ ልጅ፣ የአንዲት ሕፃን እናት፣ ከባሏ የተለየች ወጣት ናት። በዲሴምበር 1944 አንዳሉሲያ በምትባል ከተማ ነዳጅ ማደያ ውስጥ ተጋቡ፤ ያጋባቸው ዳኛ የማደያው ባለቤት ነበር። ኦድሪ ከቀድሞ ባሏ ፍቺ ያገኘችው ከቀናት በፊት ስለነበር፣ የአላባማ ሕግ ደግሞ 60 ቀን መጠበቅ ስለሚያዝ፣ ጋብቻው ከመጀመሪያው ሕጋዊ አልነበረም። ይህን ያዙልኝ፤ ኋላ ላይ እንፈልገዋለን።

ኦድሪን አብዛኛው ጸሐፊ ክፉ አድርጎ ነው የሚስላት። መዝፈን ትፈልጋለች፣ ድምጿ ግን ከቃና ይወጣል፤ ገንዘብ ትወዳለች፤ ትጨቃጨቃለች። ይህ ሁሉ ሐሰት ነው አልልም። ነገር ግን ሊሊና ኦድሪ ባይኖሩ ኖሮ ሃንክ ከሞንትጎመሪ መሸታ ቤቶች ባልወጣ ነበር ብዬ አምናለሁ። በ1946 ወደ ቴነሲዋ ከተማ ናሽቪል ሄዶ የዘፈን አሳታሚዎቹን በር ሲያንኳኳ አብራው ነበረች። ሥራውን እንደ ሥራ የያዘችለት እሷ ናት። ሰካራም ባልን ሌሊት ሙሉ ጠብቃ ጠዋት ሬዲዮ ጣቢያ ያደረሰችን ሴት ዘፈኖቹ ውስጥ ባለችው ልበ ደንዳና ሴት ብቻ መመዘን ፍርደ ገምድልነት ነው።

በናሽቪል የተቀበሏቸው ፍሬድ ሮዝ ናቸው። የሃንክን ሥራ ለመረዳት ከመምህሩ ከፔይን ቀጥሎ ማወቅ ያለብን እኚህን ሰው ነው። ሮዝ ራሳቸው የታወቁ የዘፈን ደራሲ፣ ከዘፋኙ ከሮይ አከፍ ጋር የአሳታሚው ድርጅት የአከፍ-ሮዝ ባለቤት ነበሩ። ራሳቸውም በመጠጥ ተጎድተው በሃይማኖት የዳኑ ሰው ስለሆኑ የልጁን ችግር ከሩቅ ነው ያወቁት። ሃንክ ግጥሙን በቁራጭ ወረቀት፣ በደብተር፣ ብዙውን ጊዜ በመኪና ውስጥ ይጽፋል፤ ይዞ ወደ ሮዝ ይሄዳል። እሳቸው የረዘመውን ይቆርጣሉ፣ የላላውን ያጠብቃሉ፣ አንዳንዱን «ይህ አይሆንም» ብለው ይመልሳሉ። ሸክላው በአንድ ገጽ የሚይዘው ሦስት ደቂቃ ያህል ስለሆነ ለትርፍ ቃል ቦታ የለም።

አቀናባሪነታቸውም እንዲሁ ነበር። የሃንክ ባንድ ውስጥ ዶን ሄልምስ የሚባል ስቲል ጊታር ተጫዋች አለ። ስቲል ጊታር አጋድመው የሚጫወቱት፣ ክሩን በጣት ከመጫን ይልቅ በብረት ዘንግ እያንሸራተቱ ድምፅ የሚያወጡበት መሣሪያ ነው። ከድምፅ ወደ ድምፅ ሳይቆራረጥ ስለሚንሸራተት፣ ማሲንቆ ከአዝማሪው ጉሮሮ ኋላ ኋላ እየተከተለ እንደሚያለቅስ ያለቅሳል። ሮዝ ለሄልምስ የሰጡት ምክር በላይኛው ቃና ላይ ተጫወት የሚል ነበር፤ ያን ጊዜ መሣሪያው ከዘፋኙ ድምፅ ጋር አይጋጭም፣ ሳንቲም ሲጎርስ ሸክላ ከሚያጫውተው ጁክ ቦክስም ከትንሽ ሬዲዮም ጥርት ብሎ ይሰማል። በሃንክ ዘፈን ውስጥ «ሐዘን» ብለን የምንሰማው ነገር ትልቁ ድርሻ ይህ ነው። አንድ ሰው አስቦ ያዘዘው፣ ሌላ ሰው ለዓመታት ተለማምዶ የተጫወተው ነገር ነው።

በ1947 ኤም ጂ ኤም ከሚባለው የሸክላ ኩባንያ ጋር ተፈራረመ። በ1948 ሉዊዚያና ውስጥ ከሽሪቭፖርት ወደሚተላለፈው «ሉዊዚያና ሄይራይድ» የሬዲዮ ዝግጅት ገባ። በዚያው ዓመት ዲሴምበር ሲንሲናቲ ውስጥ ሕይወቱን የቀየረውን «ላቭሲክ ብሉዝ» አስቀረጸ። የፍቅር ሕመምተኛው ብሉዝ እንደማለት ነው። ይህ ዘፈን በ1949 በቢልቦርድ መጽሔት የካንትሪ ሠንጠረዥ ላይ 16 ሳምንት አንደኛ ሆኖ ቆየ። ሮዝ አልወደዱትም ነበር፤ አይቀረጽ ብለው ተከራክረዋል፤ ሃንክ ግን ሽሪቭፖርት ውስጥ ሲዘፍነው ሰው እንዴት እንደሚሆን አይቷልና አሻፈረኝ አለ። ልብ በሉ፤ ዘፈኑ የእሱ አይደለም። ክሊፍ ፍሬንድና ኧርቪንግ ሚልስ የጻፉት፣ እሱ ሳይወለድ በ1922 የወጣ የመድረክ ዘፈን ነው። ሰው ሁሉ የሃንክ ልብ ሲሰበር የሰማበት ዘፈን ከሌሎች ሸክላ ሰምቶ ያጠናው ነበር።

ጁን 11 ቀን 1949 በናሽቪል «ግራንድ ኦል ኦፕሪ» መድረክ ላይ ወጣ። ይህ በደብሊው ኤስ ኤም ሬዲዮ ቅዳሜ ማታ በየቤቱ የሚሰማ፣ የካንትሪ ዘፋኝ ከዚያ በላይ የማይመኘው ቦታ ነበር። ተመልካቹ ስድስት ጊዜ ደግሞ አዘፈነው ይባላል። ወንድ ልጁ የተወለደው ከሁለት ሳምንት በፊት ነው። ቤት ገዛ፣ መኪና ገዛ፣ ዕዳ ከፈለ። ከሁሉም ይልቅ ብቸኝነትን የሚገልጸውን፣ ብዙዎች የእንግሊዝኛ ዘፈን ግጥም ጫፍ የሚሉትን «አይም ሶ ሎንሰም አይ ኩድ ክራይ»ን ያስቀረጸው በዚያው ዓመት ኦገስት ውስጥ ነው። በሕይወቱ እጅግ በተሳካለት፣ ልጅ በታቀፈበት፣ ገንዘብ በገባለት ዓመት ማለት ነው። ስቃይ ነው የጻፈለት የሚል ሰው ይህን ቀን መቁጠሪያ ላይ ቢመለከት እወዳለሁ።

በ1951 የሆነውን ደግሞ በጆሯችን መስማት እንችላለን። በዚያ ዓመት «ማዘርስ ቤስት» የተባለ የዱቄት ኩባንያ የጠዋት የ15 ደቂቃ ዝግጅት በደብሊው ኤስ ኤም ይከፍልለት ነበር። ለጉዞ ሲወጣ አስቀድሞ እየቀዳ ያስቀምጣል። ጣቢያው ኋላ የጣላቸው ዲስኮች ከቆሻሻ ተርፈው 72ቱ ዝግጅቶች ዛሬ ይሰማሉ። በእነሱ ውስጥ ያለው ሰው የምናውቀው የተረት ሰው አይደለም። ማልዶ ተነስቷል፤ ከባንዱ ጋር ይቀላለዳል፤ ዱቄቱን ያስተዋውቃል፤ መዝሙር ይዘምራል፤ አዲስ የጻፈውን ዘፈን ይሞክራል። ምቱ አይዛነፍም። ሲጠጣ ያምርበታል የሚሉት ሰው ጤነኛ ሆኖ፣ እንቅልፍ ተኝቶ፣ ሲዘፍን ይህን ይመስላል። እኔ ከሸክላዎቹ ሁሉ አስበልጬ የምወደው እነዚህን ነው። በዚያው ዓመት ከአንድ የናሽቪል የሒሳብ መምህር ጋር ሆኖ ዘፈን እንዴት እንደሚጻፍ የሚያስተምር ትንሽ መጽሐፍ በስሙ አሳትሟል። ዘፈን መጻፍን የሚማሩት ሙያ አድርጎ የሚያይ ሰው ነው እንዲህ ያለ መጽሐፍ የሚያሳትመው።

«ኮልድ፣ ኮልድ ሃርት» የተባለው ዘፈኑ ኦድሪ ሆስፒታል ተኝታ ሳለ ሊጠይቃት ሄዶ ፊት ስለነሳችው የጻፈው ነው እየተባለ ይተረካል። ሊሆን ይችላል። ዜማው ግን ቀደም ብሎ ከወጣ ሌላ ዘፈን ጋር ይመሳሰላል ተብሎ ክስ ቀርቦበታል። ቅያሜው ከቤቱ፣ ዜማው ከጆሮው መጣ። ቅያሜማ ስንት ሰው አለበት፤ እንዲህ ያለ ጆሮ ነው የጠፋው። ዘፈኑን ቶኒ ቤኔት በ1951 ለከተሜው ሲዘፍነው በፖፕ ሠንጠረዥ አንደኛ ወጣ፤ የደቡብ ገጠሬ የጻፈውን የኒው ዮርክ ሰው አንጎራጎረው።

ከዚህ በኋላ ያለው ቁልቁለት ነው፤ በፍጥነት የወረደው ቁልቁለት። በ1951 መጨረሻ ናሽቪል ውስጥ ወገቡ ላይ ቀዶ ሕክምና ተደረገለት፤ አልተሻለውም፤ በደንብ ሳያገግም ተነሳ። በመጠጡ ላይ ሞርፊን ተጨመረ። ከኦድሪ ጋር ተለያየ፤ በ1952 ፍቺው ሲጸና ቤቱን፣ ልጃቸውን የማሳደግ መብትና፣ ሌላ ባል እስካላገባች ድረስ ከዘፈኖቹ የወደፊት ገቢ ግማሹን ወሰደች። መድረክ ላይ ይቀራል፤ ቢመጣም መቆም ያቅተዋል። ኦገስት 11 ቀን 1952 ኦፕሪ አባረረው። «ጃምባላያ» የሚለው ዘፈኑ አንደኛ የሆነው ከተባረረ በኋላ በሚቀጥለው ወር ነው። ሠንጠረዡ ላይ ንጉሥ፣ ናሽቪል ውስጥ ሥራ አጥ።

እዚህ ላይ የሚሞግተኝ ሰው እንደሚኖር አውቃለሁ። ሴፕቴምበር 23 ቀን 1952 ከሰዓት በኋላ ሃንክ በናሽቪል ካስል ስቱዲዮ ገብቶ አራት ዘፈን አስቀረጸ። የመጨረሻው ቀረጻው ነው። ከአራቱ ሦስቱ፣ «ካው-ላይጋ»፣ «ዩር ቺቲን ሃርት» እና «ቴክ ዚዝ ቼይንስ ፍሮም ማይ ሃርት» ከሞተ በኋላ በ1953 አንደኛ ወጡ። እንግዲህ በጣም በተጎዳበት ወር ምርጡን ሠራ አይደለም? ይህ ከሁሉ የጠነከረው ክርክር ስለሆነ አንድ በአንድ እንየው። «ካው-ላይጋ»ን የጀመረው ከተባረረ በኋላ አላባማ ውስጥ በማርቲን ሐይቅ ዳር አንዲት ጎጆ ውስጥ እያረፈ ሳለ ነው፤ ስሙም ከዚያው አካባቢ ስም የመጣ ነው፤ የጨረሰው ከሮዝ ጋር ነው። «ቴክ ዚዝ ቼይንስ» ደግሞ ጨርሶ የእሱ ድርሰት አይደለም፤ ሮዝና ሃይ ሂዝ ናቸው የጻፉት። «ዩር ቺቲን ሃርት» የእሱ ነው፤ ከኦድሪ ቅያሜም ወጥቷል። መኪና ውስጥ እየሄዱ ሳለ ግጥሙን እየነገራት እንደጻፈችው አዲሷ እጮኛው ቢሊ ጂን ተናግራለች። ስለ ክህደት ያውቅ ነበር። ግን ያወቀውን በቀላል የቤት ቃል፣ በጥቂት ስንኝ መቋጨት ከጎዳና ጀምሮ ዕድሜውን ሙሉ የሠራው ሥራ ነው። ያ የተሰበረ ሰው ያን ቀን የዘፈነው ሙያው ሳይሰበር ስለቀረ ነው።

የመጨረሻዎቹን ሦስት ወራት ስተርክ ቁጣዬን መደበቅ አልችልም። ኦክቶበር 15 ከቦቢ ጄት፣ ከእሱ ካረገዘችው ሴት ጋር፣ ለሚወለደው ልጅ ቀለብ እንዲከፍልና እናቱ ሊሊ እንዲያሳድጉት ውል ተፈራረመ። ከሦስት ቀን በኋላ የ19 ዓመቷን ቢሊ ጂንን አገባ። በማግሥቱ ኒው ኦርሊንስ ውስጥ በትልቅ አዳራሽ ቲኬት ተሽጦ ሁለት ጊዜ፣ በቀን አንዴ በማታ አንዴ፣ ሠርጋቸው በመድረክ ተደገመ። የአንድን የታመመ ሰው ሠርግ ለሕዝብ መሸጥ! የቢሊ ጂን ፍቺ ደግሞ ገና አልጸናም ነበር፤ ስለዚህ ይህኛው ጋብቻም እንደ መጀመሪያው ከሕግ ውጭ ሆነ። «ሐኪሙ» የተባለው ቶቢ ማርሻል ሐኪም አልነበረም። በሐሰተኛ ሰነድ ወንጀል ታስሮ የወጣ፣ ዲፕሎማውን በገንዘብ የገዛ ሰው ነው። ለሰካራም ሰው ክሎራል ሃይድሬት የተባለ ከባድ ማስተኛ ያዝለት ነበር። ሃንክ ያን ጊዜ በሳምንት ብዙ ሰው ይሰበስባል፤ በዙሪያው ያሉት ሁሉ ከእሱ ይበሉ ነበር። አልጋ ላይ እንዲተኛ ያስገደደው ግን አልነበረም።

ዲሴምበር 30 ቀን 1952 ከሞንትጎመሪ በሰማያዊ ካዲላክ ተነሳ። የሚነዳለት የኮሌጅ ተማሪ የሆነ ወጣት ነው። ዌስት ቨርጂኒያ ውስጥ ቻርልስተን ለዘመን መለወጫ ዋዜማ፣ ኦሃዮ ውስጥ ካንተን ለጃንዋሪ 1 ቀጠሮ አለው። በረዶ ጣለ። ኖክስቪል ላይ አውሮፕላን ተሳፈሩ፤ በአየሩ ምክንያት ተመልሶ አረፈ። ሆቴል ገቡ። የተጠራው ሐኪም ቫይታሚን ቢ12 ከሞርፊን ጋር ሁለት መርፌ ወጋው። የቻርልስተኑ ዝግጅት ተሰርዞ ነበር፤ ካንተን ግን ይጠብቃል ተባለና የሆቴሉ ሠራተኞች ደግፈው መኪናው ውስጥ አስተኙት፤ ሌሊቱን ተጓዙ። ጃንዋሪ 1 ቀን 1953 ኦክ ሂል የምትባል የዌስት ቨርጂኒያ ከተማ ሲደርሱ ወጣቱ ዘወር ብሎ ቢነካው ቀዝቅዟል። የምርመራው ውጤት የልብ መድከም አለ። በካንተን ለተሰበሰበው ሕዝብ መሞቱ ሲነገር ሙዚቀኞቹ «አይ ሶው ዘ ላይት» የተባለውን መዝሙሩን ዘመሩ፤ ተመልካቹም ተቀበላቸው።

ጃንዋሪ 4 ቀን ሞንትጎመሪ ቀበረችው። አዳራሹ የሚይዘው 2,750 ሰው ነው፤ ውጭ የቆመው ከ15,000 እስከ 25,000 ይገመታል። ጥቁሮቹ ለብቻቸው በሰገነቱ ላይ ተቀመጡ፤ ከመድረኩም ሳውዝዊንድ ሲንገርስ የተባሉ ጥቁር ዘማሪዎች ዘመሩለት። ሩፉስ ፔይን በሕይወት ቢኖሩ እሳቸውም የሚቀመጡት ያ ሰገነት ላይ ነበር።

ከቀብሩ ሁለት ቀን በኋላ ቦቢ ጄት ያረገዘቻት ሴት ልጁ ተወለደች። አያቷ ሊሊ በጉዲፈቻ ወሰዷት፤ በ1955 ሲሞቱ ግን ከቤተሰቡ የሚረከባት ጠፍቶ ለሌሎች ሰዎች ተሰጠች። ማን መሆኗን ያወቀችው ካደገች በኋላ ነው። ዛሬ ጄት ዊሊያምስ በሚል ስም ትዘፍናለች። ከዘፈኖቹ መብት ድርሻዋን ለማግኘት ለዓመታት ተከራከረች፤ በ1989 የአላባማ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ማንነቷ በማታለል ተደብቆባት እንደነበር ፈርዶ መብቷን አጸናላት። ያ የኦክቶበር 1952 ውል ለማስረጃ ጠቀማት። ቢሊ ጂንም በበኩሏ በ1975 በፌዴራል ፍርድ ቤት ሕጋዊ መበለት ተብላ ከዘፈኖቹ የታደሰ መብት ድርሻ አገኘች፤ ኦድሪ የሞተችው በዚያው ዓመት ነው። በነዳጅ ማደያና በአዳራሽ መድረክ የተፈጸሙ ሁለት ጉድለት ያለባቸው ጋብቻዎች ሃያ ዓመት አልፎም ጠበቃ ሲቀልቡ ኖሩ። ይህን ያህል የተጣሉባቸው ዘፈኖች በካንትሪ ሠንጠረዥ 35 ጊዜ ከመጀመሪያዎቹ አሥር የገቡ፣ ከ10 ጊዜ በላይ አንደኛ የወጡ ናቸው። በ1961 የካንትሪ ሙዚቃ የክብር መዝገብ ሲከፈት ስማቸው ከሰፈረ ሦስት ሰዎች አንዱ እሱ፣ አንዱ ፍሬድ ሮዝ ናቸው። በ2010 የፑሊትዘር ሽልማት ቦርድ ስለ ዘፈን ድርሰቱ ልዩ ክብር ሰጠው።

ሲሞት ደብተሮች ትቶ ነበር። ውስጣቸው ያልተጨረሱ ግጥሞች አሉ፤ አንዳንዱ ሁለት ስንኝ፣ አንዳንዱ ሙሉ፣ ዜማ ያልወጣላቸው። በ2011 ቦብ ዲላን፣ መርል ሃጋርድ፣ ኖራ ጆንስ፣ ጃክ ዋይትና የልጅ ልጁ ሆሊ ዊሊያምስ ከሌሎች ጋር ሆነው ከእነዚያ ግጥሞች 12ቱን ዜማ እያወጡ በአንድ አልበም ዘፈኗቸው። ጎበዞች ናቸው፤ በአክብሮትም ነው የሠሩት። ነገር ግን ሥራው ሃንክ ጠዋት ተነስቶ ወደ ሮዝ ቢሮ ይዞት ሄዶ፣ ተከራክሮ፣ አሳጥሮ፣ ከሄልምስ ጋር ሞክሮ የሚጨርሰው የራሱ ሥራ ነበር። በ1953 ባይሞት ኖሮ በዚያው ዓመት ገና 30 ዓመት ይሞላው ነበር፤ ያጣነውም ያንን ሥራ ነው።